«ብርሃን ወለድ ድምፅ» ስንል ምን ማለታችን ነው?

ተማሪ ማርክ ሲቀነስበት ማማረሩ የተለመደ ነው። እኛ ግን ዛሬ የምናማርረው ማርክ ስለ ተሰጠን ነው። በቅርቡ በተደረገ አንድ ፈተና ላይ «ፎቶአኩስቲክ» የሚለውን ቃል በአጭሩ እንድንተረጕም ተጠየቅን። ከመካከላችን ብዙዎቹ «ከብርሃን የሚፈጠር ድምፅ ማለት ነው» ብለን ጻፍን። ሙሉ ማርክ አገኘን። ከፈተናው በኋላ ከአዳራሹ ደጃፍ ቆመን ስንነጋገር ግን፥ ሙሉ ማርክ ካገኘነው ውስጥ ብርሃኑ እንዴት አድርጎ ድምፅ እንደሚሆን ሊነግረን የቻለ አንድ ሰው እንኳ አልተገኘም። አንዱ ጓደኛችን «እንደ መብረቅ ነዋ! ብልጭ ይላል፥ ከዚያ ይጮኻል» አለ፤ ሌላውም ራሱን ነቀነቀለት። ይህን ጽሑፍ ለመጻፍ ያነሣሣን ያ መነቅነቅ ነው።

መብረቁን አስቀድመን እናሰናብተው። ነጎድጓድ የሚጮኸው በመብረቁ ብርሃን አይደለም። በአየር ውስጥ የሚያልፈው ታላቅ የኤሌክትሪክ ጅረት አየሩን በድንገት አግሎ ስለሚያፈነዳው ነው። ብርሃኑና ድምፁ ሁለቱም የአንድ ጅረት ልጆች ናቸው እንጂ አንዱ ሌላውን አልወለደም። በእኛ ዘንድ ግን አስቀድሞ የሚታየው ብልጭታው ስለ ሆነ፥ ቀድሞ የመጣ ሁሉ አባት ይመስለናል።

እውነተኛው ነገር እንዲህ ነው። ብርሃን በአንድ ነገር ላይ ሲያርፍ ከፊሉ ይንጸባረቃል፤ ከፊሉ ያልፋል፤ ከፊሉም ይመጠጣል። የተመጠጠው በአመዛኙ ወደ ሙቀት ይለወጣል። ብርሃኑ ሳያቋርጥ ቢበራ ነገሩ ሞቆ ዝም ብሎ ይቀመጣል፤ ምንም ድምፅ የለም። ፀሐይ ላይ የተሰጣ በርበሬ ቀኑን ሙሉ ሲሞቅ ይውላል እንጂ አይዘፍንም። ብርሃኑ ብልጭ ድርግም ሲል ግን ነገሩም ሞቅ ቀዝቀዝ፥ ለጠጥ ሰብሰብ ይላል። ሙቀቱ ከገጹ አጠገብ ወዳለው ስስ የአየር ንብርብር ይሻገራል፤ ያ ንብርብር በተራው እየተለጠጠና እየተሰበሰበ የቀረውን አየር እንደ ወናፍ ይገፋዋል፥ ይለቀዋል። ይህ መግፋትና መልቀቅ ጆሮአችን ሲደርስ ድምፅ እንለዋለን። የብርሃኑ ብልጭታ በሰከንድ 100 ጊዜ ከሆነ ድምፁም በሰከንድ 100 ጊዜ የሚርገበገብ ነው፤ ብልጭታው ሲፈጥን ድምፁ ይቀጥናል።

እንግዲህ «ከብርሃን የሚፈጠር ድምፅ» በሚለው መልሳችን ውስጥ ያልተጻፉት ሦስት ነገሮች ናቸው። ብርሃኑ መለዋወጥ አለበት፤ የሚመጠጠው አካል መኖር አለበት፤ በሁለቱ መካከል ሙቀት ማለፍ አለበት። ሦስቱንም ትተን ሙሉ ማርክ ከተሰጠን፥ የተሰጠን ለቃሉ ድምፅ እንጂ ለትርጕሙ አይደለም።

ይህን በቃል ብቻ ተናግረን እንዳናልፍ፥ ማንም ተማሪ በመኝታ ክፍሉ ሊሠራው የሚችል ፈተና እንናገራለን። ሁለት አፋቸው ሰፊ የሆነ የማርማላታ ጠርሙሶች ይፈለጉ። አንዱን በውስጥ በኩል ከወገቡ ወዲህ ባለው ጎን ብቻ በጧፍ ጢስ አጥቁሩት፤ የማድ ቤት ጣራ ላይ የሚንጠለጠለውን ዓይነት ጥቀርሻ ማለታችን ነው። ሌላውን ንጹሕ አድርጋችሁ ተዉት። ለሁለቱም በክዳናቸው ላይ በምስማር አንዳንድ ትንሽ ቀዳዳ ብሱ። ከዚያ ሌሊት ሁሉ ሰው ሲተኛ፥ ክሩ ግሎ የሚያበራ የቀድሞ ዓይነት አምፑል አብርታችሁ ጠርሙሱን ንጹሕ ጎኑን ወደ አምፑሉ አድርጋችሁ አስጠጉ፤ ጆሮአችሁን ከቀዳዳው ላይ አድርጉ። የአገራችን የኤሌክትሪክ መሥመር በሰከንድ 50 ጊዜ ስለሚመላለስ የአምፑሉ ብርሃን በሰከንድ 100 ጊዜ ይጠነክራል፥ ይደክማል። ዓይን ይህን አያይም። ጥቀርሻ ካለው ጠርሙስ ግን ዝቅ ያለ እምታ ይሰማል፤ ከሩቅ የሚሰማ የንብ ቀፎ ይመስላል። ንጹሑን ጠርሙስ በዚያው ቦታ አድርጋችሁ ብታዳምጡ ዝም ይላል። አምፑሉ ያው ነው፤ ብርሃኑ ያው ነው፤ የጐደለው ጥቀርሻው ብቻ ነው።

ስለዚህ ብርሃን ይህን ድምፅ «ወለደ» ካልን፥ ብቻውን አልወለደም። አባቱ ብርሃን ከሆነ እናቲቱ ጥቀርሻዋ ናት። በየመልሳችን ላይ የአባቱን ስም ጽፈን የእናቲቱን የምንተወው ለምንድር ነው?

ነገሩ በእኛ አልተጀመረም። ይህን ክሥተት ለመጀመሪያ ጊዜ በ1880 ዓመተ ምሕረት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ያገኘው ስልክን የፈጠረው አሌክሳንደር ግራሃም ቤል ነው፤ ረዳቱም ቻርልስ ሰምነር ቴንተር ነበረ። ሁለቱ በዚያ ዓመት ይሠሩበት የነበረው መሣሪያ ፎቶፎን ይባል ነበር። ሰው በስስ መስተዋት ጀርባ ሲናገር መስተዋቱ ይርገበገባል፤ ከመስተዋቱ የሚንጸባረቀው የፀሐይ ብርሃንም አብሮ ይለዋወጣል፤ በሩቅ ያለው የሰለኒየም ተቀባይ ብርሃኑ ሲለዋወጥ የኤሌክትሪክ ጅረቱን ይለዋውጣል፤ ከዚያ በተራ የስልክ ማዳመጫ ንግግሩ ይሰማል። በ1880 በሰኔ ወር በዋሽንግተን ከተማ ከአንድ ትምህርት ቤት ጣራ ወደ ቤል ቤተ ሙከራ መስኮት በ213 ሜትር ርቀት ላይ ያለ ሽቦ ንግግር አስተላለፉ። ቤል ይህን ሥራውን ከስልክ አብልጦ ይወደው ነበር፤ እንዲያውም በዚያው ዓመት ለተወለደች ልጁ ፎቶፎን የሚል ስም ሊያወጣላት ፈልጎ ሚስቱ እንደ ከለከለችው ይነገራል። ልጅቱ ማሪያን ተባለች። ለስም አወጣጥ የሴቶች ምክር ምን ያህል እንደሚያስፈልግ ከዚህ ይታያል።

እዚህ ላይ ብዙዎቻችን እንሳሳታለን። ፎቶፎኑ ራሱ እኛ የምንነጋገርበት ክሥተት አይደለም። በሰለኒየሙ ፎቶፎን ድምፁን የሚያወጣው የስልክ ማዳመጫው ነው፤ ብርሃኑ የሚቈጣጠረው የኤሌክትሪክ ጅረትን ነው። ቤል በዚሁ ሥራ ላይ ሳለ ያገኘው ሌላ ነገር ግን ባትሪም ስልክም አላስፈለገውም። በፍጥነት እየተቈራረጠ የሚመጣ የፀሐይ ብርሃን በቀጭን የጠንካራ ላስቲክ ሰሌዳ ላይ ሲያርፍ፥ ጆሮውን ያስጠጋ ሰው ከሰሌዳው በቀጥታ ድምፅ ይሰማል። ከዚያ በኋላ በ1881 ብዙ ነገሮችን እየቀያየሩ ሞከሩ፤ ከሁሉ ይልቅ ጎልቶ የሚጮኸው ጥቍር ነገር፥ ይልቁንም የመብራት ጥቀርሻ ሆኖ ተገኘ። በዚያው ዓመት በእንግሊዝ ጆን ቲንዳል፥ በጀርመንም ኋላ ኤክስ ሬይን ያገኘው ዊልሄልም ሮንትገን ጋዞችም እንዲሁ እንደሚጮኹ አሳዩ።

ከቤል ሥራ ሁሉ እኛን ይበልጥ የማረከን ስፔክትሮፎን ብሎ የሰየመው መሣሪያ ነው። ብርሃንን በቀለም የሚለየውን መሣሪያ ወስዶ፥ ዓይን የሚደረግበትን ቦታ በጆሮ ማዳመጫ ቱቦ ተካው። ከዚያ የተለያየ ቀለም ያለውን ክር በየቀለሙ ብርሃን ውስጥ እያስቀመጠ አዳመጠ። ቀይ የሱፍ ክር ይበልጥ የጮኸው በአረንጓዴው ብርሃን ነው፤ አረንጓዴው ሐር ደግሞ በቀዩ። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ቀይ ክር ቀይ የሆነው ቀዩን ብርሃን መልሶ አረንጓዴውን ስለሚመጥ ነው፤ የሚጮኸውም በሚመጠው ነው። ጥቀርሻው ደግሞ ከቀዩ ባሻገር፥ ዓይን በማያየው የብርሃን ክፍል ውስጥ ሳይቀር ይጮኽ ነበር። ዓይን የምታየው የተመለሰውን ብርሃን ነው፤ ጆሮ በዚህ መሣሪያ የሚሰማው የቀረውን ነው። ይህን የተረዳ ተማሪ ቃሉን ተረድቷል፤ ይህን ያልተረዳ ግን ቃሉን በስድስት ቋንቋ ቢያውቀው ምንም አላወቀም።

ቤልም ቢሆን የስሙ ነገር አስጨንቆታል። ዓይን የማያየው ጨረር ድምፅ ማውጣቱን ካየ በኋላ «ፎቶ» የሚለው ቃል እንደማይበቃው ተረዳ። ስለዚህ በ1881 ባቀረበው ጽሑፍ ላይ፥ ፈረንሳዊው ኤርነስት መርካዲዬ ያወጣውን «ራዲዮፎን» የሚለውን ስም ለጠቅላላው ክሥተት ተቀበለ፤ ፎቶፎን ለሚታየው ብርሃን፥ ቴርሞፎን ለሙቀት ጨረር፥ አክቲኖፎን በኬሚካዊ ኀይሉ ለሚታወቀው ጨረር ብቻ እንዲሆኑ ወሰነ። ስሙን ሰጥቶ አልተኛም፤ ስሙ ከሚያውቀው ነገር ሲጠብበት ቀየረው። ዕድል ግን አልቀናውም። ጥቂት ዓመታት ቈይቶ ራዲዮ መጣና «ራዲዮፎን» የሚለውን ስም ያለ ሽቦ የሚነጋገሩበት ስልክ ወሰደው። ይልቁን ትክክል የነበረው ቃል በሌላ ቤት ተድሮ ቀረ።

ከዚያ በኋላ ነገሩ ለረጅም ጊዜ ተረሳ ማለት ይቻላል፤ ትክክለኛ የድምፅ መለኪያ መሣሪያ ስላልነበረ በጆሮ ብቻ ከመገረም በላይ ብዙ ሊያገለግል አልቻለም። በ1938 በሶቪየት ኅብረት ቪየንጌሮቭ የሚባል ሊቅ ማይክሮፎን ጨምሮበት የጋዝ ቅልቅል መመርመሪያ አደረገው። ሌዘር ከመጣ በኋላም በ1971 በጣም ጥቂት የሆነ ጋዝ በአየር ውስጥ ለማግኘት ይሠራበት ዠመር። በእነዚህ ዓመታት ሥራው በብዛት «ኦፕቶአኩስቲክ» ይባል ነበር። በ1976 የጠጣር ነገሮችን ጉዳይ በሒሳብ ያስረዱት አለን ሮዘንስዋይግና አለን ገርሾ ግን «ፎቶአኩስቲክ» አሉት። የቃሉ መለወጥ ለፋሽን አልነበረም። «አኩስቶኦፕቲክ» የሚባል ፍጹም ሌላ ሥራ አስቀድሞ ነበረ፤ በ1932 በአሜሪካና በፈረንሳይ የታየው፥ በፈሳሽ ወይም በክሪስታል ውስጥ የሚሄድ የድምፅ ሞገድ ብርሃንን እንዴት እንደሚያጥፍ የሚመለከተው ነው። በዚያኛው ድምፅ ብርሃንን ያዝዛል፤ በዚህኛው ብርሃን ድምፅን ያስነሣል። ኦፕቶአኩስቲክና አኩስቶኦፕቲክ በአንድ የተጣደፈ ተማሪ አፍ ላይ እንዴት እንደሚገለባበጡ ለመገመት ብዙ ምናብ አያስፈልግም። ስሙ የተለወጠው ይህን መገለባበጥ ለማስቀረት ነው። ያም ሆኖ «ኦፕቶአኩስቲክ» አልሞተም፤ ይልቁንም በጀርመንና በስዊዘርላንድ ሕክምናን በሚመለከቱ ጽሑፎች ላይ እስከ ዛሬ ይሠራበታል። ሁለቱ ስሞች ዛሬ የአንድ ነገር ስሞች ናቸው። ልዩነት ፍለጋ ሌሊቱን ሙሉ በቤተ መጻሕፍት የተቀመጡ ጓደኞቻችን ይህን ዐውቀው ይረፉ።

አሁን ወደ ራሳችን ቋንቋ እንመለስ። «ስሙ እንዳለ ይቀመጥ፤ በእንግሊዝኛ እየተማርን በአማርኛ መሰየም ለምን?» የሚሉ አሉ። ሐሳባቸውን አንንቅም፤ ቤተ ሙከራ ውስጥ ፎቶአኩስቲክ እያሉ መነጋገር ምንም ጉዳት የለውም። ነገር ግን ይህ ቃል ወደ አማርኛ ጆሮ ሲገባ ባዶ ቤት አይገባም። በአማርኛ «ፎቶ» ማለት ብርሃን ማለት አይደለም፤ የተነሣነው ሥዕል፥ ከመታወቂያ ላይ የሚለጠፈው ነው። «አኩስቲክ»ም ቢሆን የምናውቀው ከጊታር ጋር ነው። ስለዚህ ከዚህ ግቢ ወጥተን ፎቶአኩስቲክ የሚለውን ቃል ለአንድ አስተዋይ ሰው ብንነግረው፥ ጊታር ይዞ ፎቶ የተነሣ ሰው ቢመስለው አይፈረድበትም። በሕክምና ሥራ ደግሞ ይህ መሣሪያ በመጨረሻ ሥዕል ስለሚያወጣ ስሕተቱ ይብሳል፤ ሰሚው «ፎቶ የተባለው ለዚህ ነው» ብሎ ይረካል። የረካን ሰው ማስተማር እጅግ ከባድ ነው።

ሁለተኛው ወገን በግእዝ ሥርዓት «ድምፀ ብርሃን» ይባል ይላል። ሲሰሙት ያምራል። እኛ ግን እንፈራዋለን። «የብርሃን ድምፅ» ማለት ስለ ሆነ፥ ብርሃን የራሱ የሆነ ድምፅ ያለው ያስመስላል፤ የመብረቁን ስሕተት በግእዝ ልብስ መልሶ ያመጣዋል። ደግሞም የአኩስቶኦፕቲኩን ሥራ «ብርሃነ ድምፅ» ማለት ሊመጣ ነው፤ አገሮች ሁሉ በብዙ ድካም ያመለጡትን የመገለባበጥ ወጥመድ እኛ በገዛ እጃችን መልሰን ማጥመዳችን ነው።

ሦስተኛው በዚህ ጽሑፍ ራስ ላይ የጻፍነው «ብርሃን ወለድ ድምፅ» ነው። «ውሃ ወለድ በሽታ» የሚለውን ሁሉም ሰው ስለሚያውቀው አሠራሩ ለአማርኛ እንግዳ አይደለም፤ የአባትና የልጁም ተራ አይገለባበጥም። ተቃራኒውን፥ ይኸውም በፈሳሽ ውስጥ ያለ አረፋ በድምፅ ሞገድ ተጨምቆ ብርሃን የሚያወጣበትን ክሥተት፥ «ድምፅ ወለድ ብርሃን» ብንለው ማንም አያምታታውም። ስለዚህ ከሦስቱ ይህን እንመርጣለን። ይሁንና እንከኑን አንደብቅም፤ እንከኑም ያው «ውሃ ወለድ በሽታ» የሚለው እንከን ነው። ውሃ ብቻውን ማንንም አያሳምምም፤ የሚያሳምመው በውሃው ውስጥ ያለው ተሕዋስ ነው። የጤና ባለሙያዎች ይህን ስለሚያውቁ ውሃ ወለድ ባሉ ቍጥር ስለ ተሕዋሱ ያስተምራሉ። እኛም ብርሃን ወለድ ባልን ቍጥር ስለ መጣጩ አካል ካላስተማርን ስሙ ያታልላል።

«ይህ ሁሉ የቃል ክርክር ነው፤ ምን የሚያስከትለው ነገር አለ?» ለሚሉን ከዚህ ቀጥሎ ያለውን እንዲያነቡልን እንለምናለን።

ዛሬ ይህ ክሥተት ከጥቀርሻ ጠርሙስ ወጥቶ ሆስፒታል ገብቷል። እጅግ አጭር የሆነ፥ የቢሊዮንኛ ሰከንድ ጥቂት እጥፍ ብቻ የሚቈይ የሌዘር ብልጭታ በሰው ገላ ላይ ይላካል። ብርሃኑ ከቈዳ በታች ገብቶ ይበተናል፤ በተለይ በደም ውስጥ ያለው ሄሞግሎቢን ይመጠዋል። በዚያ ቦታ ሙቀቱ ከአንድ ዲግሪ አንድ ሺኛ ያህል ብቻ ቢጨምር እንኳ ግፊቱ 800 ፓስካል ገደማ ይነሣል፤ በሽተኛው ምንም አይሰማውም። ከዚያ ግፊት የሚነሣው ሞገድ በሰከንድ 1500 ሜትር ያህል እየተጓዘ ወደ ውጭ ይመጣል። ጆሮ አይሰማውም፤ በሆስፒታል አልትራሳውንድ የምንለው ዓይነት ነው። (እዚህ ላይ «ድምፅ» የሚለውም ቃል ራሱ ይፈተናል፤ ማንም የማይሰማው ድምፅ ድምፅ ነውን? የተማሪዎች ኅብረት ምርጫ ላይ የተሰጠ ድምፅም አንዳንድ ጊዜ አይሰማምና ይህን እንለፈው።) ሞገዱን የሚቀበሉ መሣሪያዎች ከመድረሻው ጊዜ ተነሥተው ደሙ የት እንዳለ ሥዕል ይሠራሉ። ኦክስጅን የያዘና ያልያዘ ሄሞግሎቢን የሚመጡት የብርሃን ቀለም ስለሚለያይ፥ በሁለትና በሦስት ቀለም እየለዋወጡ በማብራት የደሙን የኦክስጅን መጠን መገመት ይቻላል። የቤል ቀይና አረንጓዴ ክር ማለት ይኸው ነው። በ2021 የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር በዚህ መንገድ የሚሠራ የጡት ዕብጠት መመርመሪያ መሣሪያ ፈቅዷል።

አሁን ጥያቄያችን ይህ ነው። ብርሃኑ ወደ ደሙ ከመድረሱ በፊት አስቀድሞ የሚያገኘው ምንድር ነው? ቈዳን ነው። በቈዳ ውስጥ ብርሃንን የሚመጠው ምንድር ነው? ለቈዳ ጥቍረት የሚሰጠው ሜላኒን ነው። እንግዲህ ቈዳው በጠቈረ መጠን ብዙ ብርሃን ከላይ ይመጠጣል፤ ቈዳው ራሱ ይጮኻል፤ ወደ ታች የሚያልፈው ብርሃን ያንሳል፤ ከቈዳ የተነሣው ሞገድም ወደ ውስጥ ገብቶ እየተመለሰ ከታች ያለውን ሥዕል ያደበዝዛል። በዚህ ሥራ ላይ ያሉ ተመራማሪዎች ይህን ዐውቀው ማስተካከያ እየፈለጉለት ነው። «ከብርሃን የሚፈጠር ድምፅ» ብሎ የተማረ ሰው ግን ይህ ጥያቄ ከቶ አይመጣበትም፤ ምክንያቱም በእርሱ ትርጕም ውስጥ ብርሃንና ድምፅ እንጂ ቈዳ የለም። ብርሃኑ ለሁሉም አንድ ነው፤ ስለዚህ ውጤቱም ለሁሉም አንድ ይመስለዋል።

ይህ ፍርሀት ከምናብ የመጣ እንዳይመስላችሁ የዚህን መሣሪያ የአጎት ልጅ እንጥራ። በጣት ላይ ተቈንጥጦ የደምን ኦክስጅን የሚለካው ትንሽ መሣሪያ ድምፅ አያወጣም፤ በጣት ውስጥ ያለፈውን ብርሃን ይለካል። ነገር ግን እርሱም ሥራው በመምጠጥ ላይ የቆመ ነው። በ2020 በአሜሪካ የታተመ አንድ ጥናት እንዳሳየው፥ በዚህ መሣሪያ ደኅና ናቸው ከተባሉት በሽተኞች ውስጥ በደም ምርመራ ኦክስጅናቸው ዝቅተኛ ሆኖ የተገኘው በጥቍሮቹ ዘንድ ከነጮቹ ሦስት እጥፍ ያህል በዝቶ ነበር። መሣሪያው በሥራ ላይ ከዋለ አሥርት ዓመታት ካለፉ በኋላ፥ ያውም ያ ሁሉ ሰው ትንፋሽ ሲያጥረው በነበረበት በኮቪድ ዘመን ነው ነገሩ በሰፊው የተሰማው። በዚያ ሁሉ ጊዜ መሣሪያው የተደረገባቸው ጣቶች ግን ከፊታቸው ነበሩ።

ይህ መሣሪያ አንድ ቀን ወደ አገራችን ሆስፒታሎች ሲመጣ በአጠገቡ የሚቆሙት ዛሬ ከእኛ ጋር በአንድ አግዳሚ ወንበር የተቀመጡ ተማሪዎች ናቸው። አንዱ ይገዛዋል፤ አንዱ ይተክለዋል፤ አንዱ ሥዕሉን አይቶ «ምንም የለም» ብሎ ለበሽተኛዋ ይነግራታል። የመሣሪያው መጽሐፍ በማን ቈዳ ላይ እንደ ተፈተነ እንዲጠይቅ የሚያደርገው ምን ዓይነት ትርጕም ነው? በእኛ አስተያየት «መጣጭ አካል» የሚል ቃል ያለበት ትርጕም ነው።

መምህራኖቻችን በዚህ ይቈጡናል ብለን አንሰጋም። ለፈተናው የሰጠነው መልስ ስሕተት ነው አላልንም፤ ግማሽ ነው አልን። ለወደፊቱ ተመሳሳይ ጥያቄ ቢመጣ፥ እኛ የምናቀርበው መልስ እንዲህ የሚል ነው፤ «ብርሃን ወለድ ድምፅ ማለት፥ የሚለዋወጥ ብርሃንን የመጠጠ አካል እየሞቀና እየቀዘቀዘ በአካባቢው የሚያስነሣው የግፊት ሞገድ ነው።» ረዝሟል። ከዚህ የሚያጥርና ከሦስቱ አንዱን የማይጥል ትርጕም ያለው ተማሪ ወይም መምህር በሚቀጥለው እትም እንዲጽፍልን እንጠይቃለን፤ የእኛን የሚያፈርስ ቢሆንም እናትመዋለን። ለመምጠጥም ከዚህ የተሻለ ቃል ያለው ይንገረን፤ «መምጠጥ» የሚለው ሎሚ ሎሚ ይላል የሚሉ ጓደኞች አሉና።

ጥቀርሻ የተቀባው ጠርሙስ በኅብረቱ ጽሕፈት ቤት ጠረጴዛ ላይ ተቀምጧል፤ ንጹሑም አብሮት አለ። ለማዳመጥ የሚፈልግ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት በኋላ፥ የአዳራሹ ጫጫታ ሲበርድ ቢመጣ ይሻላል። አምፑሉ ግን ከመኝታ ክፍል የተወሰደ ስለ ሆነ የመጨረሻው ሰው ወደ ቦታው እንዲመልሰው ይሁን።